ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር የተላለፈ አደራ

ልጆች! «የአገር ቅርስ» ሲባል በመጀመሪያ የሚታሰባችሁ ምንድር ነው? የአክሱም ሐውልት፣ የላሊበላ ፍልፍል አብያተ ክርስቲያናት፣ የጎንደር ግንብ አይደለምን? እነዚህ በዐይን የሚታዩ፣ በእጅ የሚዳሰሱ ቅርሶች ናቸው። ቋንቋም እንደ እነርሱ ቅርስ ነው። ሐውልት ቢወድቅ ድንጋዩ ይቀራል፤ ቃል ግን ትርጉሙን የሚያውቅ ሰው ከጠፋ በብራና ላይ ተጽፎ እያለ ዝም ይላል። የግእዝ ቃላት እንዲህ ዝም እንዳይሉ ዕድሜያቸውን ሙሉ ከደከሙት ሊቃውንት አንዱ አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ናቸው።

አለቃ ኪዳነ ወልድ በአገራቸው የቤተ ክርስቲያንን ትምህርት ከተማሩ በኋላ ወደ ኢየሩሳሌም ሄደው ብዙ ዘመን ተቀመጡ። መምህራቸው ክፍለ ጊዮርጊስ የግእዝ መዝገበ ቃላት ጀምረው ነበር። በዚያን ጊዜ የታወቀው ሰፊ የግእዝ መዝገበ ቃላት ጀርመናዊው ሊቅ ዲልማን በ1865 (እንደ አውሮፓ አቈጣጠር) ያሳተመው ነው። የተተረጐመው በላቲን ስለ ሆነ ግን ላቲን ላልተማረ ኢትዮጵያዊ ተማሪ የተዘጋ በር ነበር። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ ሥራቸውን ሳይፈጽሙ ዐረፉ፤ ጅምሩም ለደቀ መዝሙራቸው አደራ ሆነ።

አለቃ ኪዳነ ወልድ አደራውን ተቀብለው ዝም ብለው አላስቀመጡትም። ዕብራይስጥ፣ ሱርስትና ዐረብኛ ያውቁ ስለ ነበር የግእዙን ቃል ከእነዚህ እኅት ቋንቋዎች ጋራ እያነጻጸሩ፣ ትርጉሙን በአማርኛ እየፈቱ አስፋፉት። ቃላቱንም በአበገደ ተራ፣ በየግሳቸው ሥር አሰለፏቸው። «መጽሐፍ» የሚለውን ቃል የሚፈልግ ተማሪ «ጸሐፈ» ከሚለው ግስ ዘንድ ይሄዳል፤ «ጸሓፊ»ም «ጽሕፈት»ም እንደ አንድ ቤት ልጆች በዚያው ይገኛሉ።

ለፊደልም እጅግ ይጠነቀቁ ነበር። ዛሬ ስንናገር ድምፃቸው አንድ የሆነ ፊደላት በግእዝ ትርጉም ይለያሉ። «ሠረቀ» በንጉሡ «ሠ» ሲጻፍ ፀሐይ ወጣ ማለት ነው፤ በእሳቱ «ሰ» «ሰረቀ» ተብሎ ሲጻፍ ግን ሌብነት ይሆናል። እንግዲህ ፊደሉን የሳተ ልጅ ፀሐይን ሌባ አደረጋት ማለት ነው!

ከዚህ በኋላ ራስ ተፈሪ (በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ) ስላስጠሯቸው ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ በድሬዳዋ ተቀምጠውም የትንቢተ ሕዝቅኤልን ትርጓሜ በ1916 ዓ.ም. አሳተሙ። መዝገበ ቃላቱ ግን ሳይታተም ዕድሜያቸው ተፈጸመ። እንደ መምህራቸው ሁሉ እርሳቸውም ሥራውን ለደቀ መዝሙራቸው ለአለቃ ደስታ ተክለ ወልድ አደራ ሰጥተው ዐረፉ።

አለቃ ደስታም አደራ በላ አልሆኑም። ጽሑፉን አሰናድተው በ1948 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ በመምህራቸው ስም አሳተሙት። ስሙ «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» ሲሆን ከ900 ገጽ በላይ አለው። የራሳቸውን «ዐዲስ ያማርኛ መዝገበ ቃላት» ያሳተሙት ከዚያ በኋላ በ1962 ዓ.ም. ነው። የመምህራቸውን አስቀደሙ፤ የራሳቸውን አስከተሉ።

ልጆች! አንዱ ጀመሩ፣ አንዱ አስፋፉ፣ አንዱ አሳተሙ። ሁለቱ የደከሙበትን መጽሐፍ ታትሞ አላዩትም፤ እኛ ግን አየነው። ከሦስቱ አንዱ «የእኔ ሥራ አይደለም» ብለው ቢተዉት ኖሮ የሁሉም ድካም ከንቱ በቀረ ነበር። እናንተም በጸሎት ወይም በመዝሙር ላይ የማታውቁት የግእዝ ቃል ሲያጋጥማችሁ አትለፉት። መምህራችሁን ጠይቁ፤ ትርጉሙን በደብተራችሁ ጻፉ፤ ለታናናሾቻችሁም ንገሩ። አደራው እንዲህ ይቀጥላል።

የመልመጃ ጥያቄዎች

1. ቋንቋ ቅርስ ነው የምንለው ለምንድር ነው?
2. «ሠረቀ» እና «ሰረቀ» በምን ይለያያሉ?
3. አለቃ ደስታ ከራሳቸው መጽሐፍ በፊት የመምህራቸውን ማሳተማቸው ምን ያስተምረናል?