ቤተ መንግሥቶቻችን፦ ከአክሱም እስከ ሐረር

ሚያዝያ 24 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር ሲቃረብ ከአዲስ አበባ የተነሳው የአፄ ኃይለ ሥላሴ ባቡር የአዋሽን በረሃ አቋርጦ፣ ሁርሶን አልፎ፣ ድሬዳዋ ደረሰ፤ ከዚያም ወደ ጅቡቲ ቀጠለ። ከኋላ የቀረው የምኒልክ ግቢ በዚያው ሰሞን ተዘረፈ። ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥትም ብዙ ሳይቆይ የፋሽስቱ እንደራሴ መቀመጫ ሆነ። ባቡሩ ያለፈባት ድሬዳዋም የአፄ ኃይለ ሥላሴ ቤተ መንግሥት አላት፤ ከድሬዳዋ ዳገቱን ወጥቶ ሐረር ለደረሰ ሰው ደግሞ የራስ መኮንንና የልጃቸው የራስ ተፈሪ (የኋላው አፄ ኃይለ ሥላሴ) ቤቶች አሉ። ስለ ጎንደር ግንብ ብዙ ተጽፏል፤ ስለ ምኒልክ ግቢም እንዲሁ። የእነዚህ የምሥራቅ ቤቶች ዕጣ ግን ከሌሎቹ ታሪክ ጋር ተያይዞ ሲታይ ነው የሚገባን። ስለዚህ ከሩቁ እንጀምር።

የአክሱም ነገሥታት ምን ዓይነት ቤት እንደነበራቸው ለማወቅ ወደ ሐውልቶቹ ቀና ማለት ይበቃል። ትላልቆቹ ሐውልቶች በአንድ ወጥ ድንጋይ የተቀረጹ ባለ ብዙ ፎቅ ሕንፃዎች ናቸው፦ ከታች በር፣ ከዚያ በላይ መስኮት በመስኮት ላይ፣ በየፎቁ መካከል ደግሞ ወጣ ወጣ ያለ የእንጨት ጫፍ፤ ተመራማሪዎች «የዝንጀሮ ራስ» የሚሉት። ከሁሉም የሚረዝመውና ዛሬ ወድቆ የሚታየው 33 ሜትር ገደማ ነው። ግንበኛው በእውነተኛው ቤትም ድንጋይና እንጨት እያፈራረቀ፣ ግድግዳውን ገባ ወጣ እያደረገ ነበር የሚሠራው። ከከተማው በስተምዕራብ የሚገኘውን የዱንጉርን ፍርስራሽ ሕዝቡ የንግሥተ ሳባ ቤተ መንግሥት ይለዋል። ፈረንሳዊው የአርኪዮሎጂ ሊቅ ፍራንሲስ አንፍሬ ቆፍሮ ያወጣው ይህ ሕንፃ ግን በ6ኛውና በ7ኛው መቶ ዘመን አካባቢ እንደተሠራ ይገመታል፤ ከንግሥቲቱ ዘመን በብዙ ይርቃል።

ከዱንጉር የሚበልጠውን ታዕካ ማርያምን ዛሬ ሄዶ ማየት አይቻልም። በኤኖ ሊትማን የሚመራው የጀርመን ቡድን በ1898 ዓ.ም. አክሱም መጥቶ የዚህን ሰፊ ቤተ መንግሥት መሠረት ለካ፣ ሥዕሉንም ነደፈ፤ ሥራው እ.ኤ.አ. በ1913 ታተመ። በወረራው ዘመን ጣሊያኖች መንገድ ሲዘረጉ በፍርስራሹ መካከል ሰንጥቀው አለፉ። ዛሬ ስለ ታዕካ ማርያም የምናውቀው አብዛኛው ነገር ከዚያ ንድፍ የተገኘ ነው። ጥቂት ሰዎች ለጥቂት ወራት ባይለኩት ኖሮ ስሙ ብቻ ነበር የሚቀረን።

ከአክሱም ቀጥሎ የመጣው ዘመን ለቤተ መንግሥት ተመራማሪ አስቸጋሪ ነው። በላሊበላ ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል መጀመሪያ ቤተ ክርስቲያን ሳይሆን ቤተ መንግሥት ወይም ምሽግ ሆኖ ተፈልፍሏል የሚሉ ምሁራን አሉ። ከዚያ በኋላ ነገሥታቱ ለብዙ ትውልድ በድንኳን ኖሩ። ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በአፄ ልብነ ድንግል ዘመን ያየውን ሰፈር በዝርዝር ጽፎታል። የንጉሡ ድንኳን ከፍ ባለው ቦታ መካከል ላይ ይተከላል፤ የቀኙና የግራው ሹማምንት በየማዕረጋቸው ይሰፍራሉ፤ የቤተ ክርስቲያኑ፣ የፍርዱና የገበያው ቦታም የታወቀ ነው። ሰፈሩ ተነቅሎ ሌላ ቦታ ሲተከል ሁሉም ያንኑ ቦታውን ያገኛል። የኢትዮጵያን ቤተ መንግሥት ለማጥናት የሚፈልግ ሰው ከዚህ ድንኳን ቢጀምር ይሻላል እላለሁ፤ ከዚያ በኋላ በድንጋይ የተሠራው ሁሉ የዚህኑ ሥርዓት አቀማመጥ ይዟልና።

በጣና ዙሪያ ድንጋዩ ተመለሰ። በእምፍራዝ የሚገኘው የጉዛራ ግንብ የአፄ ሠርፀ ድንግል ነው፤ ቀጥሎ አፄ ሱስንዮስ በጎርጎራና በደንቀዝ አሠሩ። ልጃቸው አፄ ፋሲል በ1628 ዓ.ም. ጎንደርን ቆረቆሩ። የፋሲል ግንብ ጥቁር ድንጋዩን በኖራ ያጣበቀ፣ በአራቱ ማዕዘን ባለ ጉልላት ማማ ያለው፣ በመስኮቶቹና በበሮቹ ዙሪያ ቀላ ያለ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ የተገጠመለት ነው። ከሩቅ ምሽግ ይመስላል፤ ከውስጥ ግን ለመኖሪያና ለችሎት የተሠራ ቤት ነው።

ጎንደርን ከሌሎች ነገሥታት ከተሞች የሚለየው አንዱ ሕንፃ ሳይሆን ሕንፃዎቹ አብረው መኖራቸው ነው። ልጅ በአባቱ ቤት አይኖርም፤ አጠገቡ የራሱን ይሠራል። አፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ቤተ መጻሕፍቱን፣ አድያም ሰገድ ኢያሱ የራሳቸውን ግንብ፣ አፄ ዳዊት የመዘምራኑን አዳራሽ፣ አፄ በካፋ የግብር አዳራሻቸውን፣ እቴጌ ምንትዋብ ደግሞ የራሳቸውን ቤተ መንግሥት ጨመሩ። እቴጌይቱ በዚህ ሳይበቃቸው ከከተማው ወጣ ብለው ቁስቋምን አሠሩ። ከቁስቋም በቀር ይህ ሁሉ ወደ 900 ሜትር በሚጠጋ አጥር ውስጥ የተቀመጠው የፋሲል ግቢ ነው፤ ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ1979 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል።

የኢያሱ ግንብ ከሁሉም ያማረ እንደነበር፣ ውስጡም በዝሆን ጥርስና በመስተዋት እንዳጌጠ ይነገራል። ዛሬ ጣሪያ የለውም። ጣሊያኖች ጎንደርን የመጨረሻ ምሽጋቸው ስላደረጓት እ.ኤ.አ. በ1941 የእንግሊዝ አውሮፕላን ግቢውን ደበደበ። ሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት ገደማ የቆየው ቤት በጥቂት ቀናት ጦርነት ፈረሰ።

ጎንደርን ማን ሠራው? ይህ ጥያቄ በተነሳ ቁጥር ጭቅጭቅ አይጠፋም። የፖርቱጋል ሚስዮናውያን፣ ከህንድ የመጡ ባለሙያዎች፣ የቤተ እስራኤል ግንበኞችና አንጥረኞች ሁሉም በዚህ ሥራ ላይ ስማቸው ይነሳል። እዚህ ላይ ወደ ሩሲያ ዞር ማለት ይጠቅማል፤ በዓለም ታላላቅ የሚባሉት የሩሲያ ቤተ መንግሥቶችም ይኸው ጥያቄ አለባቸውና። ሦስተኛው ኢቫን ክሬምሊንን ሲያሠራ ግንበኞቹን ያስመጣው ከጣሊያን ነው፤ የነገሥታቱን የግብዣ አዳራሽ እ.ኤ.አ. ከ1487 እስከ 1491 የሠሩት ማርኮ ሩፎና ፒየትሮ ሶላሪ ናቸው። በሴንት ፒተርስበርግ የክረምቱን ቤተ መንግሥት እ.ኤ.አ. ከ1754 እስከ 1762 የሠራው ባርቶሎሜዮ ራስትሬሊም ከጣሊያን ቤተሰብ የተወለደ ነው። ያም ሆኖ ማንም ሰው የክረምቱን ቤተ መንግሥት የጣሊያን ነው አይልም። ከ1,000 የሚበልጡት ክፍሎቹ የሩሲያን ዘውድ፣ የሩሲያን ሥርዓተ ክብርና የሩሲያን ክረምት እንዲያስተናግዱ ተብለው ታቅደዋል። ጎንደርም እንዲሁ ነው። ኖራውን ማን እንዳቦካ መጠየቅ ተገቢ ነው፤ ቤቱ የተሠራው ግን ለማን ሥርዓት እንደሆነ ግልጽ ነው።

የሩሲያና የኢትዮጵያ ግቢዎች የሚለያዩበት ነገርም አለ። ራስትሬሊ ሁሉን በአንድ ጣሪያ ሥር ሰብስቦ ርዝመቱን ለዓይን አሳየ። የኛ ግቢ ግን የብዙ ቤቶች ስብስብ ነው፤ ይህ በምኒልክ ግቢ ከሁሉም ጎልቶ ይታያል። ምኒልክ ከአንኮበር ወደ እንጦጦ፣ ከእንጦጦም ወደ ፍልውሃው ሜዳ ወርደው በ1879 ዓ.ም. አዲስ አበባ ስትቆረቆር ድንኳኑ በቋሚ ቤት ተተካ። እ.ኤ.አ. በ1892 እሳት ግቢውን በላው፤ እንደገናም ተሠራ። እልፍኙ፣ የጸሎት ቤቱ፣ ከላይ ሆነው ከተማውን የሚቃኙበት እንቁላል ቤት፣ ግምጃ ቤቱ፣ ጠጅ ቤቱና እንጀራ ቤቱ በየቦታቸው ቆሙ። በግቢው ዙሪያም ሹማምንቱ እንደ ድንኳኑ ዘመን በየፊናቸው ሰፈሩ፤ የአዲስ አበባ አሮጌ ሰፈሮች ብዙዎቹ የተወለዱት ከዚህ ነው። ለግቢው ውኃ በቧንቧ ያስገባው የስዊዙ መሐንዲስ አልፍሬድ ኢልግ ነው፤ ከአናጢዎቹና ከግንበኞቹ መካከል ህንዶችና አርመኖች ነበሩ።

ከሁሉም በላይ አዳራሹን ማየት ያስፈልጋል። ግብር በሚበላበት ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ከፍ ባለው መደብ ላይ በመጋረጃ ተከልለው ይመገባሉ። መጋረጃው ሲገለጥ ታዳሚው በየማዕረጉ ተራ በተራ እየገባ ይበላል፤ መኳንንቱ ቀድመው፣ ወታደሩ ተከትሎ፣ በሺዎች የሚቆጠር ሰው። ሦስት ጣሪያ ጎን ለጎን የተደረደረበት ያ ሰፊ ቤት የተሠራው ለዚህ ነው። በሩሲያ የዳንስ አዳራሽ መስተዋትና ወርቅ የሚፈልገውን ያህል የኛ አዳራሽ ስፋትና በር ይፈልጋል። ይህን ሳያውቅ የገባ ጎብኚ ባዶ መጋዘን ያየ ይመስለዋል።

በአራቱም ማዕዘን የነበሩ ገዢዎችም የየራሳቸውን ሠርተዋል። በመቀሌ አፄ ዮሐንስ አራተኛ በጣሊያናዊው አናጢ ጃኮሞ ናሬቲ ያሠሩት የድንጋይ ቤት አለ፤ የዮሐንስን ዙፋን የሠራውም እሱ ነው። በጅማ ጅሬን ኮረብታ ላይ ያለው የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት በእንጨት ሥራው የታወቀ ነው። ደሴ ላይ የንጉሥ ሚካኤል አይጠየፍ አዳራሽ አለ።

የሃያኛው መቶ ዘመን ቤቶች ግን ሌላ ዓይነት ናቸው፤ ከግቢነት ይልቅ ወደ አውሮፓ ቪላ ያዘነብላሉ። ገነተ ልዑል የተሠራው በአፄ ኃይለ ሥላሴ የመጀመሪያ የንግሥና ዓመታት ነው። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በፋሽስቱ እንደራሴ በግራዚያኒ ላይ ቦምብ የተወረወረው በዚህ ግቢ ውስጥ ነው፤ የአዲስ አበባ ሕዝብ እልቂትም ከዚያ ተከተለ። ፋሽስቶቹ በግቢው ያቆሙት ደረጃ ሙሶሎኒ ሥልጣን ከያዘ ጀምሮ ያሉትን ዓመታት የሚቆጥር ነበር፤ ከነጻነት በኋላ በጫፉ ላይ የይሁዳ አንበሳ ተቀመጠበት። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. መፈንቅለ መንግሥት ሙከራ የታገቱት መኳንንት የተገደሉትም በዚሁ ቤት ነው። ንጉሠ ነገሥቱ ከዚያ በኋላ ቤቱን ለዩኒቨርሲቲ ሰጡ፤ ዛሬ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ያለው እዚያ ነው። ለዘውዱ 25ኛ ዓመት በ1948 ዓ.ም. የተመረቀው የኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥት ደግሞ ንጉሠ ነገሥቱ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. በቮልስዋገን ተጭነው የወጡበት ነው።

ከዚያ ቀን በኋላ ቤተ መንግሥቱ ለሕዝብ ይከፈታል ብሎ የጠበቀ ሰው ካለ ብዙ ጠብቋል። በሩሲያ ከአብዮቱ በኋላ የነገሥታቱ ቤቶች ሙዚየም ሆኑ። በኛ የምኒልክ ግቢ የደርግ ጽሕፈት ቤትና እስር ቤት ሆነ። በምድር ቤቱ የታሰሩት ባለሥልጣናት በኅዳር 1967 ዓ.ም. ተረሸኑ፤ የንጉሠ ነገሥቱም አፅም እ.ኤ.አ. በ1992 ከዚያው ግቢ ተቆፍሮ ወጣ። ግቢው አንድነት ፓርክ ተብሎ ለጎብኚ የተከፈተው በመስከረም 2012 ዓ.ም. ነው። የኢዮቤልዩ ቤተ መንግሥትም በ2017 ዓ.ም. ሙዚየም ሆነ። ይህ በጎ ነገር ነው። ዘግይቷል፤ ግን ተደርጓል።

አሁን ወደ ምሥራቁ። ሐረር ከ1879 ዓ.ም. ጀምሮ የራስ መኮንን ግዛት ነበረች፤ ወደ ዓድዋ የዘመቱት፣ የምኒልክን የውጭ ጉዳይ የያዙት ከዚህች ከተማ ነው። ልጃቸው ደጃዝማች ተፈሪ ተተክተው በሐረር ሲገዙ ሩሲያዊው ገጣሚ ኒኮላይ ጉሚልዮቭ እ.ኤ.አ. በ1913 በጅቡቲ በኩል ድሬዳዋ፣ ከዚያም ሐረር ደርሶ ፎቶ አንስቷቸዋል። ጉሚልዮቭ የተማረው በዛርስኮዬ ሴሎ፣ ራስትሬሊ በሠራው የካትሪን ቤተ መንግሥት አጠገብ ነው። ከዚህ የሰበሰባቸው ዕቃዎች ዛሬም በሴንት ፒተርስበርግ ሙዚየም አሉ። በሐረር የጁገል ግንብ ውስጥ ያለው የራስ ተፈሪ ቤት በእንጨት ፈርጡ የህንድ ነጋዴዎችን እጅ ያሳያል፤ አብዱላሂ ሸሪፍ ያቋቋሙት የግል ሙዚየም የሚገኘው በዚያው ነው። ድሬዳዋ ግን የባቡር ልጅ ናት። ኢልግና ፈረንሳዊው ሌዮን ሸፍኖ ያስጀመሩት ሐዲድ በ1895 ዓ.ም. ባይደርስባት ኖሮ ቤተ መንግሥትም ባልተሠራባት ነበር።

የካትሪን ቤተ መንግሥት ራሱ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ተቃጥሎ፣ ዕንቁ የተባለው የአምበር ክፍሉ ተዘርፎ ጠፋ። ሩሲያውያን ግን አሮጌ ፎቶዎችና ንድፎች ስለነበሯቸው ክፍሉን እንደገና ሠርተው እ.ኤ.አ. በ2003 ከፈቱት። ታዕካ ማርያም በወረቀት ላይ የተረፈው በዚሁ መንገድ ነው። በየከተማው የእድሳት ሥራ በተፋጠነበት በዚህ ዘመን የሐረርና የድሬዳዋ ቤቶች ተራቸው መድረሱ አይቀርም። ስለዚህ ባለሥልጣናቱን፣ ዩኒቨርሲቲዎቹንና የከተሞቹን ነዋሪዎች የምጠይቀው አንድ ነገር ነው፦ ቀለም ከመቀባቱ፣ ኖራው ከመፈቅፈቁ፣ አሮጌው በር ከመነቀሉ በፊት እያንዳንዱ ክፍል ይለካ፣ ይነደፍ፣ ፎቶ ይነሳ፤ አንዱ ቅጂም በከተማው ውስጥ ማንም ሊያየው በሚችል ቦታ ይቀመጥ።