ሊትዌንኛ ለባዕድ ተማሪ ለምን ይከብዳል? የቋንቋን «ክብደት» ለማብራራት የቀረበ ጽሑፍ

መግቢያ

አንድ ቋንቋ «ከባድ ነው» ሲባል አስቀድሞ ሊነሣ የሚገባው ጥያቄ «ለማን?» የሚለው ነው። በአፍ መፍቻ ቋንቋው የሚቸገር ሕፃን የለም፤ የቪልኒዩስ ሕፃንም እንደ ጎንደር ሕፃን ጊዜው ሲደርስ አፉን ይፈታል። ክብደት የሚሰማው አንድ ቋንቋ ይዞ ወደ ሌላው የሚሻገረው ሰው ነው። በመሆኑም ክብደት ስንል በአብዛኛው የምንናገረው ተማሪው ይዞት በመጣው ቋንቋና በሚማረው ቋንቋ መካከል ስላለው ርቀት ነው።

ይህ ጽሑፍ ይህንኑ ሐሳብ በሊትዌንኛ ምሳሌነት ለማብራራት ይሞክራል። ሊትዌንኛን የመረጥንበት ምክንያት ሁለት ነው። አንደኛ፣ ከአውሮፓ ቋንቋዎች መካከል በአስቸጋሪነታቸው ስማቸው ከሚነሣው አንዱ ስለሆነ ነው። ሁለተኛ፣ የአሜሪካ ውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት ዲፕሎማቶቹን የሚያሠለጥንበት ተቋም ቋንቋዎችን በክብደታቸው ሲመድብ ሊትዌንኛንና አማርኛን ያስቀመጠው በአንድ መደብ ስለሆነ ነው፤ ለሁለቱም 44 ሳምንት፣ ማለትም 1100 የክፍል ሰዓት ገደማ ያስፈልጋል ይላል። እንደ ጣሊያንኛ ላሉት ከዚህ እጅግ ያነሰ፣ ለዐረብኛና ለቻይንኛ ደግሞ የዚህን እጥፍ ይመድባል። ሊትዌንኛ ሩቅም ቢሆን የእንግሊዝኛ ዘመድ ነው፤ ሁለቱም የኢንዶ-አውሮፓ ቤተሰብ አባላት ናቸው። አማርኛ ግን ሴማዊ ነው። ዘመዱና ባዕዱ እኩል ጊዜ መጠየቃቸው የቋንቋ ዝምድና ብቻውን ትምህርትን እንደማያቀል ያሳያል። እንግዲህ የሚከብደው ምኑ ነው?

1. ስለ ቋንቋው በአጭሩ

(ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ሊትዌንኛ ከባልቲክ ቋንቋዎች አንዱ ነው። ዛሬ በሕይወት ያለው የቅርብ ዘመዱ ላትቪኛ ብቻ ነው፤ ሌላው ዘመዱ የጥንቱ ፕሩስኛ በ18ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ጠፍቷል። የተናጋሪዎቹ ቁጥር ሦስት ሚሊዮን ገደማ ነው።

ቋንቋው በሊቃውንት ዘንድ የታወቀው በጥንታዊነቱ ነው። ልጅ በሊትዌንኛ «ሱኑስ» ነው፤ በሳንስክሪት «ሱኑህ» ነው። እሳት «ኡግኒስ» ሲሆን በሳንስክሪት «አግኒህ»፤ በግ «አቪስ» ሲሆን በሳንስክሪት «አቪህ» ነው። በሺሕ ዓመታትና በብዙ ሺሕ ኪሎ ሜትር የተራራቁ ሁለት ቋንቋዎች ይህን ያህል መቀራረባቸው የ19ኛውን ምዕተ ዓመት የቋንቋ ተመራማሪዎች ወደ ሊትዌንያውያን ገበሬዎች መንደር ሳባቸው። ጀርመናዊው አውጉስት ሽላይኸር በ1852 ወደ ፕሩሲያ ሊትዌኒያ ሄዶ ቋንቋውን ከተናጋሪዎቹ አፍ አጠና፤ ሰዋስውንም በ1856 አሳተመ። ፌርዲናንድ ደ ሶሲየርም በ1880 ወደዚያው ተጉዟል፤ ኋላም ስለ ቋንቋው የአነጋገር ጫና የጻፈው ጥናት በስሙ የሚጠራ ሕግ አስገኝቷል።

በአገሩ ግን ቋንቋው ይህን ያህል ክብር አልነበረውም። የሊትዌኒያ መሳፍንት ሰፊ ግዛት የሚተዳደረው በስላቭኛ፣ በላቲን፣ ኋላም በፖልኛ ነበር። የመጀመሪያው የሊትዌንኛ መጽሐፍ፣ የማርቲናስ ማዥቪዳስ ትምህርተ ሃይማኖት፣ በ1547 የታተመው ከግዛቱ ውጭ በኮኒግስበርግ ነው። ከ1860ዎቹ አጋማሽ እስከ 1904 ድረስ ደግሞ የሩሲያ መንግሥት ሊትዌንኛ በላቲን ፊደል እንዳይታተም ከለከለ። በዚያ ዘመን መጻሕፍቱ በፕሩሲያ እየታተሙ በድንበር በኩል በድብቅ ይገቡ ነበር። የዛሬው መደበኛ ቋንቋ መልክ የያዘው ከዚያ ወዲህ ነው፤ ለዚህም ዮናስ ያብሎንስኪስ በ1901 ያወጣው ሰዋስው ታላቅ ድርሻ አለው። ሊትዌንኛ በ1988 የመንግሥት ቋንቋ ተብሎ ታወጀ፤ አገሪቱ ነጻነቷን ያወጀችው በ1990 ነው፤ በ2004 የአውሮፓ ኅብረት አባል ስትሆንም ቋንቋው ከኅብረቱ የሥራ ቋንቋዎች አንዱ ሆነ።

ይህን ታሪክ ማንሣት ያስፈለገው የባዕዱ ተማሪ ማንነት መለወጡን ለማሳየት ነው። ያኔ የሚመጣው ጥንታዊ ቅርስ ፈላጊ ሊቅ ነበር፤ ክብደቱ ለእሱ ሀብት ነበር። ዛሬ የሚማረው ለሥራ የመጣው፣ በጋብቻ የተሳሰረው፣ ዜግነት ለማግኘት የቋንቋ ፈተና የሚጠብቀው ሰው ነው። ለዚህ ሰው «ጥንታዊ ነው» የሚለው ምስጋና ብቻውን አይረዳውም።

2. ስም በሰባት መልክ

በሊትዌንኛ ስም በዐረፍተ ነገር ውስጥ ባለው ሙያ መሠረት መድረሻውን ይለውጣል። ሙያዎቹ ሰባት ናቸው። ጫካ «ሚሽካስ» ነው፤ የጫካ «ሚሽኮ»፣ ለጫካ «ሚሽኩይ»፣ ጫካን «ሚሽካ» (መጨረሻው ረዥም)፣ በጫካ በኩል «ሚሽኩ»፣ በጫካ ውስጥ «ሚሽኬ» ይባላል፤ ሰባተኛው የመጥሪያ መልክ ነው፤ በዚህ ቃል ከስድስተኛው ጋር ይመሳሰላል።

የአማርኛ ተናጋሪ ይህን ሲያይ «እኛም እኮ የ-፣ ለ-፣ በ-፣ -ን አሉን» ሊል ይችላል። ሐሳቡ ትክክል ነው፤ ልዩነቱ ግን እዚህ ላይ ነው። የአማርኛው «የ-» ለሰውም ለጫካም ለድንጋይም አንድ ነው። የሊትዌንኛው መድረሻ ግን ስሙ ከአምስቱ የስም ምድቦች በየትኛው እንደሚገኝ እየታየ ይለወጣል። «የጫካ» ሲባል «ሚሽኮ»፣ «የራስ» «ጋልቮስ»፣ «የበግ» «አቪየስ»፣ «የልጅ» «ሱናውስ»፣ «የድንጋይ» «አክሜንስ» ይሆናል። የእኛ አንዲት «የ-» በነጠላ ቁጥር ብቻ አምስት መልክ አላት ማለት ነው። ብዙ ቁጥር ሲመጣ ሌላ መልክ ይጨመራል፤ ቅጽሉና ተውላጠ ስሙም ከስሙ ጋር በጾታ፣ በቁጥርና በሙያ መስማማት አለባቸው። ግሱ በአሉታ ሲነገር ደግሞ ተሳቢው መልኩን ይለውጣል፤ «መጽሐፍ አነባለሁ» ሲባል «ክኒጋ» የነበረው፣ «መጽሐፍ አላነብም» ሲባል «ክኒጎስ» ይሆናል።

የባዕድ ስም እንኳ ከዚህ አያመልጥም። ሼክስፒር በሊትዌንኛ «ሼክስፒራስ» ነው፤ የሼክስፒር «ሼክስፒሮ» ይባላል። መድረሻ የሌለው ስም በዐረፍተ ነገሩ ውስጥ ማን አድራጊ፣ ማን ተደራጊ እንደሆነ መናገር ስለሚሳነው፣ እንግዳውም የአገሩን ልብስ መልበስ አለበት።

ይህ ሁሉ ብዙ ነው፤ ነገር ግን ሥርዐት አለው። በሠንጠረዥ ሊቀመጥ፣ በልምምድ ሊያዝ ይችላል። ፖልኛ ወይም ሩስኛ የሚናገር ተማሪ ደግሞ ተመሳሳይ ሥርዐት ከቤቱ ይዞ ስለሚመጣ እንግሊዛዊውን ያህል አይደናገጥም።

3. ለአማርኛ ተናጋሪ የሚቀርቡ ገጾች

ክብደት የርቀት ጉዳይ መሆኑ ጎልቶ የሚታየው፣ ለእንግሊዝኛ ተናጋሪ እንግዳ የሆኑ አንዳንድ የሊትዌንኛ አገባቦች ለአማርኛ ተናጋሪ እንግዳ አለመሆናቸውን ስናይ ነው። አራት ምሳሌ እንመልከት።

ሀ) ሊትዌንያዊ ራሱን ሲያመው «ማን ስካውዳ ጋልቫ» ይላል። «ማን» ለእኔ ማለት ነው፤ «ስካውዳ» በሦስተኛ መደብ ያለ ግስ ነው፤ «ጋልቫ» የተሳቢ መልክ ያለው «ራስ» ነው። ባለቤት ሆኖ የሚታይ የለም። እንግሊዛዊው «ባለቤቱ ማነው?» ብሎ ይጨነቃል። እኛ ግን «ራሴን ያመኛል» እንላለን፤ ራስ «-ን»ን ይይዛል፣ ታማሚው በግሱ ላይ በ«-ኝ» ይመለከታል፣ ግሱም በሦስተኛ መደብ ይቆማል። ብርድም እንዲሁ ነው፤ እነሱ «ለእኔ ብርድ ነው» በሚመስል አገባብ የሚሉትን እኛ «ይበርደኛል» እንላለን።

ለ) «በልቶ ወጣ፣ በልታ ወጣች» የምንለውን እነሱ «ፓቫልጌስ ኢሼዮ፣ ፓቫልግዩሲ ኢሼዮ» ይላሉ። ቀዳሚው ድርጊት እንደ እኛው ቦዝ አንቀጽ በራሱ ማሰሪያ ሳይሆን ወደ ዋናው ግስ ያሻግራል፤ ጾታንም ያሳያል። አንባቢ ልብ እንደሚለው ዋናው ግስ «ኢሼዮ» ግን ለወንድም ለሴትም አንድ ነው፤ በሦስተኛ መደብ ነጠላና ብዙም አይለይም። በዚህ በኩል የእኛ ግስ ከእነሱ ይከብዳል።

ሐ) «ራሼ» ጻፈ ነው፤ «ራሺዳቮ» ደግሞ ይጽፍ ነበር፣ ማለትም የመጻፍ ልማድ ነበረው ነው። ሊትዌንኛ ለኀላፊ ልማድ የራሱ የጊዜ መልክ አለው። የአማርኛ ተናጋሪ የ«ይጽፍ ነበር»ን ትርጉም ስለሚያውቅ ሐሳቡን ለመረዳት ጊዜ አይወስድበትም።

መ) ነጭ ቤት «ባልታስ ናማስ» ነው፤ ነጩ ቤት «ባልታሲስ ናማስ» ነው። የእርግጠኝነቱ ምልክት በስሙ ላይ ሳይሆን በቅጽሉ ላይ መሆኑን እንመለከታለን፤ ልክ እንደ «ነጩ»። የሊትዌንኛው ምልክት በታሪኩ «ዪስ»፣ ማለትም «እሱ» የሚለው ተውላጠ ስም ነው። የእኛው ምልክትም «ቤቱ» ስንል የእሱ ቤት ለማለት ከምንጠቀምበት ጋር በመልክ አንድ ነው። አጠቃቀማቸው ፈጽሞ አንድ ነው ማለት ግን አይደለም፤ የእነሱ ጠበብ ያለ ነው።

በአንጻሩ ለእኛ የሚርቁም አሉ። «ራሼ» መጻፉን እንጂ መጨረሱን አያረጋግጥም፤ ጽፎ መጨረሱን ለመናገር በመነሻው «ፓ-» ተጨምሮ «ፓራሼ» ይባላል። ለየትኛው ግስ የትኛው መነሻ እንደሚስማማ አንድ በአንድ ማጥናት ያስፈልጋል። ስላቭኛ ተናጋሪ ግን ይህን ከቤቱ ያውቀዋል።

4. የማይጻፈው ድምፅ

እስካሁን ያየነው ክብደት በገጽ ላይ የሚታይ ነው። ከሁሉ የሚብሰው ግን የማይታየው ነው። በሊትዌንኛ ቃል ውስጥ አንዱ ቀለም ጫና ይይዛል፤ ጫናው የሚያርፍበት ቦታ የተወሰነ አይደለም፤ በተራ ጽሑፍም ምልክት አይደረግበትም። በረዥም ቀለም ላይ ሲያርፍ ደግሞ ወራጅ ወይም ወጪ ዜማ ይኖረዋል። «አውክሽታስ» በወራጅ ዜማ ሲነገር ረዥም፣ ከፍ ያለ ማለት ነው፤ በወጪ ዜማ ሲነገር የሕንፃ ፎቅ ማለት ነው። «አንቲስ» በወራጅ ዳክዬ፣ በወጪ ጉያ ነው። ፊደሉ ግን አንድ ነው።

ጫናው በአንዱ ቃል ውስጥም ይዘዋወራል። «ጋልቫ» (ራስ) ባለቤት ሲሆን ጫናው መጨረሻው ላይ ነው፤ ተሳቢ ሲሆን ወደ መጀመሪያው ይመጣል፤ «የራስ» ሲባል ወደ መጨረሻው ይመለሳል። ስሞች በዚህ አዘዋወራቸው በአራት ምድብ ይከፈላሉ። ተማሪው እንግዲህ የስሙን መድረሻ ምድብ ብቻ ሳይሆን የጫናውን ምድብም ማወቅ አለበት። የየአካባቢው ዘዬም ስለሚለያይ የአገሩ ሰዎች ራሳቸው በመደበኛው ቋንቋ ጫናውን ሲያዛንፉ ይሰማል።

ይህ ለአማርኛ ተማሪ እንግዳ ነገር አይደለም። «አለ» ላልቶ ተናገረ፣ ጠብቆ ኖረ ወይም ተገኘ ነው፤ «ገና» ጠብቆ የልደት በዓል፣ ላልቶ ጊዜው አልደረሰም ነው። የሰምና ወርቅ ውበት አንዱ ምንጭም ይህ የማይጻፍ ጥብቀት ነው። ለባዕድ ተማሪ ግን የማይታይ ደፍ ነው፤ እግሩ ሲነካው እንጂ ዐይኑ አያየውም።

ፊደሉም የታሪክ ሸክም አለበት። ከ32ቱ ፊደላት መካከል ረዥሙን «ኢ» የሚወክሉት ሁለት ናቸው፤ ረዥሙን «ኡ» የሚወክሉትም ሁለት ናቸው። ድምፃቸው ዛሬ አንድ ሆኗል፤ የቀረው የጥንት አመጣጣቸው ነው። ስለ ሀ፣ ሐ፣ ኀ እንዲሁም ስለ ሰ እና ሠ የተከራከረ ሁሉ የሊትዌንያዊውን ተማሪ ችግር ያውቀዋል።

ማጠቃለያ

ከላይ ከቀረበው ሦስት ዐይነት ክብደት መለየት ይቻላል። የመጀመሪያው የብዛት ክብደት ነው፤ ሰባቱ ሙያና አምስቱ ምድብ የዚህ ምሳሌ ናቸው፤ መድኀኒቱ ጊዜና ልምምድ ነው። ሁለተኛው የርቀት ክብደት ነው፤ ይህ እንደ ተማሪው አፍ መፍቻ ቋንቋ ይለዋወጣል፤ «ራሴን ያመኛል» የሚል ተማሪና የማይል ተማሪ አንድ መጽሐፍ ሊሰጣቸው አይገባም። ሦስተኛው የስውርነት ክብደት ነው፤ መድኀኒቱ ያለው በተማሪው እጅ ሳይሆን በመምህሩና በመዝገበ ቃላት አዘጋጁ እጅ ነው።

ሊትዌንያውያን ለዚህ ሦስተኛው መልስ አበጅተዋል። በመዝገበ ቃላታቸውና በመማሪያ መጻሕፍታቸው ጫናው በምልክት ይታያል፤ ከስሙ አጠገብም ከአንድ እስከ አራት ካሉት ምድቦች የትኛው እንደሆነ በቁጥር ይጻፋል። ሽላይኸር ከገበሬ አፍ በጆሮው ይለቅመው የነበረውን የዛሬው ተማሪ ከገጹ ያነበዋል። የአማርኛን ጥብቀት ግን ባዕዱ ተማሪ የሚያገኘው እንደ ሌስላውና እንደ ኬን ባሉት የውጭ ሊቃውንት መዝገበ ቃላት፣ በላቲን ፊደል ተጽፎ ነው። በራሳችን ፊደል በምንጽፈው ተራ ጽሑፍ ውስጥ ሊያገኘው አይችልም።

ስለዚህ አንድ እንግዳ አማርኛ ሊማር ሲመጣ «ቋንቋችን ከባድ ነው» ማለት መልስ አይሆነውም። የትኛው በጊዜ፣ የትኛው በንጽጽር፣ የትኛው ደግሞ በእኛ ሥራ እንደሚቀል ለይቶ መንገር የቋንቋ መምህር ድርሻ ነው። የመጨረሻው ዐይነት ክብደት እስካልቀለለ ድረስ፣ ከ1100ው ሰዓት ውስጥ የተወሰነው የሚባክነው በቋንቋው ጠባይ ሳይሆን በእኛ ዝምታ ነው።