በብራንደንቡርግ ጥድ መካከል የቆመው የሐሩር ደሴት

ከበርሊን ከተማ በስተደቡብ 60 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ የጥድ ደንና አሸዋማ ሜዳ በተጎራበቱበት በብራንደንቡርግ ምድር፣ ክራውስኒክ ከምትባለው መንደር አጠገብ፣ ከሩቅ ለሚያየው ተገልብጦ የተደፋ ታንኳ የሚመስል እጅግ ታላቅ አዳራሽ ቆሞ ይታያል። በጥር ወር ሜዳው በረዶ ለብሶ፣ የኩሬው ውሃ ረግቶ ባለበት ሰዓት እንኳ፣ በዚህ አዳራሽ ውስጥ አየሩ 26 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ሞቆ፣ ዘንባባው ለምልሞ፣ ሕፃናቱ በአሸዋው ላይ ባዶ እግራቸውን ሲቦርቁ ይውላሉ። ይህ ስፍራ ትሮፒካል አይላንድስ የተባለው የውሃ መዝናኛ ነው። ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ ከማትለየው አገር ለተወለደ አንባቢ፣ ሰው ገንዘብ ከፍሎ ሙቀት ፍለጋ ይሄዳል መባሉ እንግዳ ነገር ይመስለው ይሆናል፤ ነገር ግን በታኅሣሥ አጋማሽ የቀኑ ብርሃን ስምንት ሰዓት እንኳ በማይሞላበት ምድር፣ ሙቀትና ብርሃን እንደ እንጀራ የሚናፈቁ መሆናቸውን ማስተዋል ይገባል።

ይሁን እንጂ የዚህን ስፍራ ክብር የምናውቀው ከውሃው ይልቅ ከታሪኩ ነው፤ በአንድ መሬት ላይ ሦስት የሰው ልጅ ምኞቶች፣ ይኸውም የጦርነት፣ የንግድና የዕረፍት ምኞት፣ እርስ በርሳቸው እየተተካኩ አልፈውበታልና። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መሬቱ መጀመሪያ ከ1938 ግድም ጀምሮ የጀርመን የአየር ኃይል ያሠራው የጦር አውሮፕላን ማረፊያ ነበረ። በ1945 የናዚ መንግሥት ድል ሲነሣ የሶቪየት ሠራዊት ተረከበው፤ ማኮብኮቢያውንም አስረዝሞ፣ ለአውሮፕላኖቹ ወፍራም የኮንክሪት መከለያ ሠርቶላቸው፣ ዓለም በሁለት ጎራ ተከፍሎ በተፋጠጠበት ዘመን ሁሉ ተቀመጠበት። ጀርመን ከተዋሐደች በኋላ ሠራዊቱ በ1992 ለቆ ሲሄድ፣ ለአራዊት ካልሆነ በቀር ለማንም የማይጠቅም የሚመስል ሰፊ ባድማ ቀረ።

በ1996 ካርጎሊፍተር የሚባል ኩባንያ ተመሠረተ። ዓላማውም በመንገድና በድልድይ ሊያልፍ የማይችለውን እጅግ ከባድ ዕቃ፣ ለምሳሌ የኃይል ማመንጫ ተርባይን የመሰለውን፣ በአየር መርከብ ተሸክሞ ከቦታው ለማድረስ ነበረ። ጀርመን በአየር መርከብ ሥራው የታወቀው የካውንት ዜፔሊን አገር ናትና፣ የመጀመሪያው ዜፔሊን በ1900 በቦደን ሐይቅ ላይ ከተነሣ ወዲህ የአየር መርከብ ፍቅር ከሕዝቡ ልብ አልጠፋም ነበር፤ በ1937 ሂንደንቡርግ የተባለው የአየር መርከብ በእሳት ጋይቶ የብዙ ሰው ሕይወት ሲጠፋ ያ ዘመን ቢዘጋም፣ ካርጎሊፍተር በሚቀጣጠለው ሃይድሮጅን ፈንታ የማይቃጠለውን ሂሊየም ተጠቅሞ ሊያድሰው አሰበ። የታሰበው መርከብ 260 ሜትር ርዝመት ኖሮት 160 ቶን ሊሸከም የተወጠነ ስለ ነበረ፣ ለእርሱ መሥሪያ የሚሆን ቤት ማነጽ ግድ ሆነ።

በ2000 የተፈጸመው ይህ ቤት 360 ሜትር ርዝመት፣ 210 ሜትር ወርድና 107 ሜትር ከፍታ ሲኖረው፣ በመካከሉ ጣሪያውን የሚደግፍ አንድም ዓምድ የለበትም፤ ክብደቱን ሁሉ የተሸከሙት የብረት ቀስቶች ናቸው። በውስጡ የታቀፈው አየር ከአምስት ሚሊዮን ኪዩቢክ ሜትር ይበልጣል፤ በኒው ዮርክ ወደብ የቆመው የነጻነት ሐውልት ከነመሠረቱ ቢገባበት ጣሪያውን ሳይነካ ይቆማል። ነገር ግን ቤቱ ተሠርቶ እንግዳው ሳይመጣ ቀረ። የመርከቡ ሥራ ከታሰበው በላይ ገንዘብና ጊዜ ጠየቀ፤ ኩባንያውም በ2002 ከሰረ፤ ታላቁ የአየር መርከብ አንድ ቀን እንኳ ሳይነሣ፣ ተስፋቸውን በአክሲዮን የገዙ ብዙ ሰዎችም አዝነው ቀሩ።

ባዶ የቀረውን አዳራሽ በ2003 የገዛው ታንጆንግ የተባለው የማሌዥያ ኩባንያ ሲሆን፣ የአሳቡ መሪ ኮሊን ኦው አስቀድሞ በመዝናኛ መርከቦች ሥራ የታወቀ ነጋዴ ነበረ። እነዚህ ሰዎች ከምድር ወገብ አጠገብ የመጡ እንደ መሆናቸው፣ በሰሜኑ ሰው ዓይን ተረት የሚመስለው ዘንባባና ሞቃት ባሕር ለእነርሱ የዕለት ተዕለት ኑሮ ነው፤ ስለዚህ ባድማውን አዳራሽ ሲያዩ የከሸፈ ሥራ ሳይሆን ጣሪያ ብቻ ያገኘ ደሴት ታያቸው። በታኅሣሥ ወር 2004 በሩ ለሕዝብ ተከፈተ።

ወደ ውስጥ የገባ ሰው አስቀድሞ የሚያየው ዕፀዋቱን ነው። ከ600 ወገን የተውጣጡ 50,000 ያህል ተክሎች በአንድነት ተተክለው ሐሩራማ ደን ሆነዋል፤ በመካከሉም በእግር የሚዞሩበት ጠመዝማዛ መንገድ አለ። ተክል ያለ ፀሐይ አይኖርምና፣ በአዳራሹ ደቡባዊ ጎን የነበረው ሽፋን ተነሥቶ የፀሐይን ጨረር በሚያሳልፍ ግልጽ ሽፋን ተተክቷል። በዚህ ምክንያት በሰው እጅ የተሠራው ደን በእውነተኛ ብርሃን ይኖራል፤ ጥበብ ፍጥረትን ልትረዳው እንጂ ልትተካው እንደማትችል ከዚህ የበለጠ ምስክር የለም።

ከደኑ ማዶ የደቡብ ባሕር የተባለው ገንዳ ይዘረጋል። ስፋቱ 4,400 ካሬ ሜትር፣ ውሃው 28 ዲግሪ ሲሆን፣ ከፊቱ 200 ሜትር ያህል የሚረዝም የአሸዋ ዳርቻ፣ ከኋላው ደግሞ ሰማይ የተሳለበት ታላቅ መጋረጃ አለ። ሙቀት የሚወድ ሰው ደግሞ 32 ዲግሪ ወደ ሆነው፣ 1,200 ካሬ ሜትር ወደሚሰፋው ሐይቅ ይሄዳል፤ አረጋውያንና ሕፃናትን ያቀፉ እናቶች አብዝተው የሚያርፉት በዚህ ነው። ወጣቶችን የሚስበው ግን 27 ሜትር ከፍታ ያለው የመንሸራተቻ ግንብ ነው፤ ከመንሸራተቻዎቹ ፈጣኑ ሰውን በሰዓት እስከ 70 ኪሎ ሜትር ፍጥነት ያወርዳል።

በሐሩሩ መንደር ደግሞ የባሊ፣ የታይላንድ፣ የቦርኔዎና የሳሞአ ቤቶች እንደየአገራቸው ሥርዓት ቆመዋል። ከፍ ብሎ ለማየት የሚሻ በአዳራሹ ውስጥ በፊኛ ተንጠልጥሎ ይወጣል፤ ለአየር መርከብ በታነጸው ጣሪያ ሥር በመጨረሻ አንድ የሚበር ነገር መገኘቱም የቤቱን የጥንት አሳብ ያስታውሳል። ማደር የሚፈልግ እንግዳ በዛፎቹ አጠገብ በድንኳን ወይም በክፍል ያድራል። በ2016 አማዞንያ የተባለው የደጅ የመዋኛ ስፍራ ተጨመረ፤ በ2018 መጨረሻም ፓርኬስ ሬኡኒዶስ የተባለው የስፔን ኩባንያ መዝናኛውን በ226 ሚሊዮን ዩሮ ለመግዛት ተስማማ።

እንዲህ ያለውን ቤት ማሞቅ ብዙ ኃይል እንደሚጠይቅ የታወቀ ነው፤ ሞቃቱን አገር ወደ ብርዳሙ ማምጣት ተገቢ ነውን ብሎ የሚጠይቅም አይታጣም። ጥያቄው የሚናቅ አይደለም፤ ነገር ግን ፍርዱ የቀና እንዲሆን፣ አዳራሹ በ2002 ፈርሶ ቢሆን ኖሮ በእርሱ ላይ የፈሰሰው ብረት፣ ድካምና ጥበብ ሁሉ ከንቱ ይቀር እንደ ነበር አብሮ መመዘን ያስፈልጋል። ሰው ሲሠራ ፍጻሜውን አያውቅም፤ የቦንብ አውሮፕላን ይነሣበት ዘንድ የተደለደለው ሜዳ የአየር መርከብ ቤት፣ ያም ቤት የልጆች መዋኛ ይሆናል ብሎ የተነበየ አልነበረም። እንግዲህ አንድ አሳብ በከሸፈ ጊዜ ለአሳቡ የተሠራው ቤት አብሮ ይሙት ብሎ መፍረድ የስንፍና ፍርድ ነው፤ የቀደመው ሰው የጀመረውን በአዲስ ዓይን ተመልክቶ ሌላ አገልግሎት ማግኘት ግን ከማነጽ የማያንስ ጥበብ ስለ ሆነ፣ የዚህ ስፍራ ባለሙያዎች ከአናጢዎቹና ከመሐንዲሶቹ ጋር እኩል ሊመሰገኑ ይገባቸዋል።