«ሰማያዊቱ ሐዋይ»፤ ስለ ዘፈንና ስለ ሳቅ ሲኒማ

አንባቢ ሆይ፤ የሰው ልጅ ቀኑን ሙሉ ሲደክም ውሎ ማታ ልቡን የሚያሳርፍበት ጨዋታ መፈለጉ የተፈጥሮ ነገር ነው። ስለዚህ ዘፈንና ሳቅ፥ ፍቅርና ሠርግ የተቀላቀሉበት ሲኒማ በየትም አገር ተመልካች አያጣም። አንዳንድ ሰዎች ግን እንዲህ ያለውን ፊልም «ጊዜ ማጥፊያ ነው» እያሉ ይንቁታል። እኛም ዛሬ ከዚህ ዓይነት ፊልሞች አንዱን መርጠን፥ በውስጡ ምን እንዳለ ለመመርመር አስበናል። ይኸውም እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በ1961 ዓ.ም. ለሕዝብ የታየው «ብሉ ሐዋይ»፥ ማለት «ሰማያዊቱ ሐዋይ» የተባለው ነው። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው።

ሐዋይ በፓሲፊክ ውቅያኖስ መካከል ከእሳተ ገሞራ የተገኙ ደሴቶች ናቸው። የአሜሪካ 50ኛ ክፍለ ግዛት የሆኑት በ1959 ዓ.ም. ነው። በዚያው ዓመት የጄት አውሮፕላን ወደ ሆኖሉሉ መመላለስ ስለ ጀመረ፥ መንገዱ ከቀድሞው ይልቅ አጠረ። ፊልሙ የተሠራው እንግዲህ አገር ጎብኚው ወደዚያ መጉረፍ በጀመረበት ወራት ነው።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ቻድ የተባለ ወጣት የወታደርነት አገልግሎቱን ፈጽሞ ወደ ሐዋይ ይመለሳል። እናቱ አባቱ በሚሠራበት የፍራፍሬ ኩባንያ እንዲገባ ትወተውተዋለች፤ እርሱ ግን እንቢ ብሎ፥ ወዳጁ ማይሌ በምትሠራበት ቢሮ የአገር ጎብኚዎች መሪ ይሆናል። አንዲት መምህርትና አራት ልጃገረዶች እንዲያስጐበኛቸው በተሰጡት ጊዜ ቅናትና አለመግባባት ይነሣል፤ በመጨረሻም ነገሩ በሠርግ ይፈጸማል። ቻድን ሆኖ የተጫወተው ዘፋኙ ኤልቪስ ፕሪስሊ ነው፤ እርሱም ራሱ ከወታደርነት የተመለሰው በ1960 ዓ.ም. ነበር። እናቱን ሆና የተጫወተችው አንጀላ ላንስበሪ ግን በዕድሜ የምትበልጠው አሥር ዓመት እንኳ በማይሞላ ጊዜ ነው፤ ሆኖም ተመልካቹ እናትነቷን አይጠራጠርም።

የዚህ ዓይነት ሲኒማ ዋና ብልሃት፥ ንግግር የማይበቃበት ቦታ ላይ ዘፈን መግባቱ ነው። በፊልሙ ውስጥ እጅግ የታወቀው የፍቅር ዘፈን የሚዘፈነው ለእጮኛዪቱ ሳይሆን፥ ለአሮጊት አያቷ የልደት በዓል ስጦታ ሲቀርብ ነው። ወጣቱ አያቲቱን ሲያከብር የልጅቱን ልብ ይማርካል። የዜማው መሠረት ደግሞ ማርቲኒ የተባለ ሙዚቀኛ በ18ኛው መቶ ዓመት በፈረንሳይ አገር የደረሰው ስለ ፍቅር ኀዘን የሚናገር ዘፈን ነው። የኀዘን ዜማ ተለውጦ የሠርግ ዜማ ሆነ ማለት ነው።

ከዚህ የሚበልጥ ኀዘን ያለበት ሌላ ዘፈንም አለ። ኤልቪስ በዚሁ ፊልም «አሎሃ ኦኤ» የተባለውን የስንብት ዘፈን ይዘፍናል። ይህን የደረሰችው ሊሊኡኦካላኒ ናት፤ በ1878 ዓ.ም. ገና ልዕልት ሳለች ነበር። ኋላም ነገሠች፤ ነገር ግን በ1893 ዓ.ም. ነጋዴዎችና ባለርስቶች፥ በአሜሪካ ባሕር ወታደሮች መገኘት ተደግፈው፥ ከዙፋኗ አወረዷት። በ1895 ዓ.ም. በገዛ ቤተ መንግሥቷ ታሰረች፤ አገሯም በ1898 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ተጠቃለለች። ከመንግሥቱ ለውጥ በኋላ ፕሬዚዳንት የሆነው ሳንፎርድ ዶል ሲሆን፥ በ1901 ዓ.ም. ታላቁን የአናናስ ኩባንያ ያቋቋመው ጄምስ ዶል ዘመዱ ነበር። በፊልሙ የፍራፍሬው ኩባንያ መሳቂያ ነው፤ የንግሥቲቱም ዘፈን የመዝናኛ ዘፈን ነው። የአሜሪካ ምክር ቤት ስለ ተፈጸመው ነገር ይቅርታ የጠየቀው በ1993 ዓ.ም. ነው።

ፊልሙ ለዘፋኙም ያለ ዋጋ አልቀረም። የዘፈኖቹ ሸክላ በአሜሪካ 20 ሳምንት አንደኛ ሆኖ ሰነበተ። ይህን ያዩ ነጋዴዎችም ያንኑ መልክ እየደጋገሙ አሠሩት። ኤልቪስ ከተጫወተባቸው 31 የልብ ወለድ ፊልሞች ይህ ስምንተኛው ነበር፤ ከዚያ ወዲያ ከባድ ድራማ ለመጫወት የነበረው ምኞት በባሕር ዳርና በጊታር መካከል ቀረ። ለሰው የዕረፍት ቀን የሆነው ለእርሱ የዘወትር ሥራ ሆነበት።

እንግዲህ አንባቢ ሆይ፤ ይህን የምንለው ሳቅን ለመከልከል አይደለም። ደስታ ለደከመ ሰው ስንቅ ነው፤ ዘፈኖቹም ያማሩ ናቸው። ነገር ግን በባዕድ አገር የተሠራ የሳቅ ፊልም ስናይ «ይህ ውብ ምድር የማን ነው? ዘፈኑንስ የደረሰው ማን ነው?» ብለን ብንጠይቅ፥ ደስታችን አይቀነስም፤ እውቀት ይጨመርበታል እንጂ። የሳቀ ሰው ማስተዋልም ይችላልና።