አንድ ዘረ-መል በአንድ ቤተሰብ ውስጥ

ስለ በሽታ ስናስብ አብዛኛውን ጊዜ በዓይነ ሕሊናችን የሚመጣው አንድ ታማሚና አንድ ሐኪም ነው። አንዳንድ በሽታዎች ግን በዚህ መልክ ብቻ ሊታዩ አይችሉም። በአንድ ሰው አካል ላይ ቢገለጡም ከወላጅ የመጡ፣ ወደ ልጅም ሊሻገሩ የሚችሉ በመሆናቸው የሚያስጨንቁት መላውን ቤተሰብ ነው። በዚህ ጽሑፍ የምንመለከተው የሀንቲንግተን በሽታ ከእነዚህ አንዱ ነው። አንጎልን ቀስ በቀስ የሚጎዳ፣ በዘር የሚተላለፍና እስከ ዛሬ ፈዋሽ መድኃኒት ያልተገኘለት በሽታ ነው። ሆኖም መንስኤው በሚገባ ታውቋል፤ ማን እንደሚታመም ከብዙ ዓመታት በፊት የሚናገር የደም ምርመራም አለ። ታዲያ መድኃኒት ያልተከተለው ዕውቀት በአንድ ቤት ውስጥ እንዴት ይያዛል? ጥያቄያችን ይህ ነው። (በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሦስት ትውልድ ሐኪሞች ያዩት ሕመም

በሽታው ስሙን ያገኘው ጆርጅ ሀንቲንግተን ከተባለ አሜሪካዊ ሐኪም ነው። ሀንቲንግተን በ1872፣ ገና የ22 ዓመት ወጣት ሳለ፣ በኒው ዮርክ ግዛት በሎንግ አይላንድ በሚኖሩ ጥቂት ቤተሰቦች ላይ ስለሚታይ፣ አካልን ያለፈቃድ ስለሚያወራጭ ሕመም አንድ አጭር ጽሑፍ አሳተመ። ወጣቱ ሐኪም ይህን ለማስተዋል የበቃው አባቱና አያቱም በዚያው አካባቢ ሐኪሞች ስለነበሩ ነው። የሦስቱ ትውልድ ሐኪሞች ትዝብት አንድ ላይ ሲደመር በአንድ ሰው ዕድሜ ሊታይ የማይችለው የበሽታው ጉዞ ግልጽ ሆነ። ከታመመ ወላጅ የተወለደ ሰው ሳይታመም ዕድሜውን ከፈጸመ ልጆቹና የልጅ ልጆቹ ከሕመሙ ነፃ እንደሚሆኑ ሀንቲንግተን ተገነዘበ። የሜንዴል የውርስ ሕግጋት በሳይንስ ዓለም ዳግም የታወቁት በ1900 መሆኑን ስናስታውስ የዚህ ትዝብት ትክክለኛነት ያስደንቃል።

የሦስት ፊደላት ድግግሞሽ

እንደምናውቀው፣ ከጥቂቶቹ በስተቀር እያንዳንዱን ዘረ-መል በሁለት ቅጂ እንይዛለን፤ አንዱን ከእናት፣ አንዱን ከአባት። በአራተኛው ክሮሞዞም ላይ ሀንቲንግቲን የተባለውን ፕሮቲን ለመሥራት የሚያስችለው ዘረ-መል ይገኛል። በዚህ ዘረ-መል መጀመሪያ አካባቢ ሲ.ኤ.ጂ. በመባል የሚታወቁ ሦስት የዲ.ኤን.ኤ. ፊደላት በተከታታይ ይደጋገማሉ። በአብዛኛው ሰው ድግግሞሹ ከ27 ያነሰ ነው። ከ36 እስከ 39 ሲደርስ ሰውየው ሊታመምም ላይታመምም ይችላል። ቁጥሩ 40 ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ ግን ሰውየው የተለመደውን የሰው ዕድሜ ከኖረ በሽታው መከሰቱ አይቀርም።

ድግግሞሹ ሲበዛ የሚሠራው ፕሮቲን ከመጠን በላይ ይረዝማል፤ ቅርጹም ይዛባል። በዚህም ምክንያት የነርቭ ሕዋሳት፣ በተለይም እንቅስቃሴን በማስተባበር ትልቅ ድርሻ ባለው ስትራያተም በተባለው የአንጎል ውስጠኛ ክፍል ያሉት፣ በዓመታት ውስጥ እየተጎዱ ይሞታሉ። ምልክቶቹ አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምሩት ከ30 እስከ 50 ዓመት ባለው ዕድሜ ነው። የአካል መወራጨት፣ የሚዛን መጓደል፣ ለመዋጥና ለመናገር መቸገር፣ የማሰብና የማቀድ ችሎታ መዳከም፣ እንዲሁም ድብርትና ቁጡነት ይከተላሉ። ከመጀመሪያዎቹ ምልክቶች አንስቶ ታማሚው በአማካይ ከ15 እስከ 20 ዓመት ይኖራል።

በሽታው የሚገለጥበትን ዕድሜ ልብ እንበል። በ40 ዓመቱ የሚታመም ሰው በዚያን ጊዜ አብዛኛውን ጊዜ አግብቶ ወልዷል። ዘረ-መሉ ራሱን ከመግለጡ በፊት ወደ ቀጣዩ ትውልድ ተሻግሯል ወይም ሳይሻገር ቀርቷል ማለት ነው። በሽታው ከትውልድ ትውልድ ሳይጠፋ የኖረበት አንዱ ምክንያት ይኸው ነው።

ሰባት ቤት መቁጠር ያድናልን?

በአገራችን ለጋብቻ የሚተጫጩ ወገኖች ዝምድና እንዳይኖራቸው ሰባት ቤት የመቁጠር ልማድ አለ። ይህ ልማድ ከሥነ ውርስ አንፃር ሲታይ ጠቀሜታ አለው። አንዳንድ በሽታዎች የሚከሰቱት ልጁ ከሁለቱም ወላጆቹ የተበላሸ ቅጂ ሲወርስ ብቻ ነው፤ ዘመዳሞች ደግሞ አንድ ዓይነት የተበላሸ ቅጂ የመያዝ ዕድላቸው ከባዕዳን ይልቅ ከፍ ያለ ነው። የሀንቲንግተን በሽታ ግን በዚህ ጥንቃቄ አይገታም። ለሕመሙ አንድ የተበላሸ ቅጂ ብቻ በቂ ስለሆነ የሌላኛው ወላጅ የዘር ሐረግ የቱንም ያህል የራቀ ቢሆን ለውጥ አያመጣም።

ከታማሚ ወላጅ የሚወለድ እያንዳንዱ ልጅ የተበላሸውን ቅጂ የመውረስ ዕድሉ 50 በመቶ ነው። ይህ ማለት ከአራት ልጆች የግድ ሁለቱ ይታመማሉ ማለት አይደለም። ዕጣው ለእያንዳንዱ ልጅ እንደ አዲስ ይወጣል። አራቱም ነፃ የመሆናቸው ዕድል ከ16 አንድ ነው፤ አራቱም የመውረሳቸው ዕድልም እንዲሁ። ስለዚህ የበኩር ልጅ መታመም ለታናሹ ዋስትናም ማስፈራሪያም አይሆንም። ሆኖም በብዙ ቤተሰቦች ውስጥ ሰዎች ማን ማንን እንደሚመስል እያዩ ይገምታሉ፤ መልኩ ታማሚውን አባት የመሰለው ልጅ በሽታውንም እንደወረሰ ይቆጠራል። ለዚህ ግምት ምንም ሳይንሳዊ መሠረት የለውም።

«በዘራቸው አለ» የሚለው አነጋገር የሚያስከትለውን ጉዳት እኛም እናውቀዋለን። በባክቴሪያ የሚመጣው የሥጋ ደዌ በዘር የሚተላለፍ ነው ተብሎ ስለታመነ ስንቶች ከጋብቻና ከማኅበራዊ ኑሮ ተገልለዋል። እውነተኛ የዘር በሽታ ባለበት ቤት ደግሞ ሰዎች ሕመሙን መደበቅን ይመርጣሉ። ታማሚው በአረማመዱ ምክንያት ሰካራም ይባላል፤ ቤተሰቡም ይህን ስም ከእውነተኛው ስም አስበልጦ የሚቀበልበት ጊዜ አለ። ታዋቂው አሜሪካዊ ዘፋኝ ዉዲ ገትሪ በ1967 በዚህ በሽታ ከመሞቱ በፊት፣ በሽታው በትክክል እስኪታወቅ ድረስ፣ ችግሩ የመጠጥ ሱስ ነው ተብሎ ይታሰብ ነበር።

የማራካይቦ ሐይቅ መንደሮች

የዘረ-መሉ ፍለጋ ታሪክም የቤተሰብ ታሪክ ነው። በ1968 በሎስ አንጀለስ ትኖር የነበረች ሊዮኖር ዌክስለር የተባለች እናት በሽታው እንዳለባት ታወቀ። አባቷና ሦስት ወንድሞቿም በዚሁ በሽታ የሞቱ ነበሩ። የቀድሞ ባለቤቷ ሚልተን በዚያው ዓመት ምርምሩን የሚያግዝ ድርጅት መሠረተ። ልጃቸው ናንሲ ደግሞ የሥነ ልቡና ባለሙያ ሆና ሕይወቷን ለዚሁ ሥራ ሰጠች።

ሥራው ናንሲን ወደ ቬኔዙዌላ መራት። አሜሪኮ ኔግሬቴ የተባሉ የአገሩ ሐኪም በማራካይቦ ሐይቅ ዳርቻ ባሉ የዓሣ አጥማጆች መንደሮች በሽታው እጅግ ተስፋፍቶ መገኘቱን ቀደም ብለው አስታውቀው ነበር። በእነዚህ መንደሮች ወላጆች ብዙ ልጆች ስለሚወልዱና በርካታ ትውልዶች በአንድ አካባቢ ስለሚኖሩ የዘረ-መሉን ጉዞ ለመከታተል አመቺ ነበር። የተመራማሪዎቹ ቡድን ለሃያ ዓመታት ያህል በየዓመቱ እየተመላለሰ ከ18,000 በላይ ሰዎችን ያካተተ፣ 10 ትውልድ የሚቆጥር የዘር ሐረግ መዘገበ፤ ከ4,000 በላይ የደም ናሙናም ሰበሰበ።

የመንደሮቹ ነዋሪዎች በመጀመሪያ ናሙና ለመስጠት አመንትተው ነበር። ናንሲ እናቷ በዚሁ በሽታ እንደሞተች፣ እርሷም ለምርምሩ ከቆዳዋ ናሙና እንደሰጠች ብትነግራቸውም ለማመን ተቸገሩ። አብራቸው የነበረች ነርስ የናንሲን ክንድ ይዛ የናሙናውን ትንሽ ጠባሳ ለተሰበሰበው ሰው አሳየች። ከዚያ በኋላ ናንሲ ለነዋሪዎቹ ባዕድ መሆኗ ቀረ፤ እንደ አንድ የቤተሰብ አባል ታየች።

በዚህ መንገድ የተገኘው ደም በ1983 ጄምስ ጉሴላ የተባለው ተመራማሪና ባልደረቦቹ ዘረ-መሉ በአራተኛው ክሮሞዞም ላይ እንደሚገኝ እንዲደርሱበት አስቻለ። ከ10 ዓመታት ጥረት በኋላም፣ በ1993፣ ዘረ-መሉ ራሱ ተገኘ። ዛሬ በዓለም ዙሪያ የሚሰጠው ምርመራ የዚያ ግኝት ውጤት ነው። ደማቸውን የሰጡት ቤተሰቦች ግን በድህነት መኖራቸውን ቀጥለዋል። ይህም ሳይንስ ለባለውለታዎቹ ያልከፈለው ዕዳ ነው።

ማወቅ ወይስ አለማወቅ?

ምርመራው ከመገኘቱ በፊት በበሽታው ሥጋት ውስጥ ከሚኖሩት ሰዎች አብዛኞቹ ዕድሉ ቢኖራቸው እንደሚመረመሩ ተናግረው ነበር። ምርመራው እውን ሲሆን ግን በአብዛኞቹ አገሮች የተመረመሩት ከ20 በመቶ አይበልጡም። ለምን ይሆን? የሚመረመሩት «ሳላውቅ ከምጨነቅ አውቄ ልዘጋጅ» ይላሉ፤ ትዳርን፣ ልጅ መውለድንና ሥራን በዕውቀት ለመወሰን ይፈልጋሉ። የማይመረመሩት ደግሞ ላያስቀሩት ነገር የቀረውን ጤናማ ዘመን በፍርሃት ማሳለፍን አይመርጡም። ሁለቱም ምክንያቶች ክብደት አላቸው። ለዚህም ነው የማወቅ መብትን ያህል አለማወቅም መብት ነው የሚባለው።

ችግሩ የሚጠናው የአንዱ ሰው ምርመራ የሌላውን ምስጢር ሲገልጥ ነው። አያቱ የታመመበት የ20 ዓመት ወጣት ለመመርመር ይፈልጋል እንበል። እናቱ ግን ስለራሷ ማወቅ አትፈልግም። ወጣቱ ዘረ-መሉን ወርሶ ከተገኘ ያገኘው በእናቱ በኩል ነውና የእርሷም ዕጣ ሳትጠየቅ ታወቀ። የማን መብት ይቅደም? ለዚህ ሒሳባዊ መልስ የለም። ስለዚህ ሠለጠን ያሉ የምክር ባለሙያዎች ከምርመራው በፊት ከቤተሰቡ ጋር ረዘም ያለ ውይይት ያደርጋሉ። ምልክት ያልታየባቸው ሕፃናት፣ አድገው ራሳቸው እስኪወስኑ ድረስ፣ በወላጅ ጥያቄ ብቻ አይመረመሩም። ውጤቱም በስልክ ወይም በደብዳቤ ሳይሆን ፊት ለፊት ይነገራል።

ነፃ ሆኖ መገኘትም ሁልጊዜ ደስታ ብቻ አያመጣም። ወንድሙ የታመመበት ሰው «እኔ ለምን ተረፍሁ?» እያለ በጸጸት ሊኖር ይችላል፤ አስታማሚነቱም በእርሱ ላይ ይወድቃል። ናንሲ ዌክስለር እንኳ ምርመራው እንዲገኝ ይህን ያህል ደክማ የራሷን ጉዳይ ለብዙ ዓመታት በአደባባይ አልተናገረችም። በሽታው እንዳለባት ያስታወቀችው በ2020 ነው።

በቤት ውስጥ

ፈዋሽ መድኃኒት የለም ማለት የሚደረግ ነገር የለም ማለት አይደለም። ታማሚው አካሉ ያለማቋረጥ ስለሚንቀሳቀስ ብዙ ኃይል ያወጣል፤ ስለዚህ በርከት ያለና ኃይል ሰጪ ምግብ ያስፈልገዋል። መዋጥ ሲያስቸግረው ምግቡ ለስላሳ፣ መጠጡም ወፈር ያለ ቢሆን፣ ቀጥ ብሎ ተቀምጦ በዝግታ ቢመገብ ከመታነቅና ምግብ ወደ ሳንባ ገብቶ ከሚያስከትለው የሳንባ ምች ይጠበቃል። የሳንባ ምች ከዋና ዋናዎቹ የሞት ምክንያቶች አንዱ ነውና ይህ ጥንቃቄ ቀላል አይደለም።

ለቤተሰቡ ከሁሉ የሚከብደው ግን ብዙውን ጊዜ የጠባይ ለውጥ ነው። ታማሚው በጥቂቱ ይቆጣል፤ አንድን ሐሳብ ይዞ አይለቅም፤ ወይም ምንም ነገር ለመጀመር ፍላጎት ያጣል። መታመሙንም ላይገነዘብ ይችላል። ይህ ክህደት ወይም ግትርነት ሳይሆን አንጎሉ ራሱን የሚታዘብበት ችሎታ በመጎዳቱ ነው። ሚስት ወይም ልጅ ይህን ሲረዱ «ሆን ብሎ ነው» የሚለው ቂም ይቀልላል። የቀኑ ሥርዓት ሳይለዋወጥ ቢቀጥል፣ ጥያቄው አጭር ቢሆን፣ ለመልሱም ጊዜ ቢሰጥ ግጭት ይቀንሳል። የድብርትና ራስን የማጥፋት ሥጋት ከፍተኛ ስለሆነም ሐኪም በጊዜ ሊያየው ይገባል፤ ድብርቱ በመድኃኒት ሊታከም ይችላልና።

ሕክምናው የት ደርሷል?

የአካል መወራጨትን የሚያስታግሰው ቴትራቤናዚን የተባለው መድኃኒት በአሜሪካ ለዚህ በሽታ የተፈቀደው በ2008 ነው። የሀንቲንግቲን ፕሮቲንን መጠን ለመቀነስ ታስቦ የተሠራውና ብዙ ተስፋ የተጣለበት ቶሚነርሰን የተባለ መድኃኒት ትልቅ ሙከራ ግን በ2021 መድኃኒቱን መስጠት እንዲቆም ተደረገ። በመስከረም 2025 ደግሞ በቀዶ ሕክምና ወደ አንጎል የሚገባ የዘረ-መል ሕክምና የበሽታውን መባባስ በ75 በመቶ እንዳዘገየ ሕክምናውን የሚያዘጋጀው ኩባንያ አስታወቀ። ዜናው አስደሳች ቢሆንም ከፍተኛውን መጠን ወስደው ለሦስት ዓመት የታዩት ታማሚዎች 12 ብቻ እንደነበሩ ማስተዋል ያስፈልጋል። ተስፋን መንሳትም ሆነ ከልክ ያለፈ ተስፋ መስጠት ለእነዚህ ቤተሰቦች የሚጎዳ ነው። በሌላ በኩል፣ አቅሙ ባለበት አገር ወላጆች በላቦራቶሪ የተፀነሱ ፅንሶችን በማስመርመር ዘረ-መሉን ያልወረሰውን ብቻ በማህፀን ለማስቀመጥ ይችላሉ፤ ይህም ወላጁ የራሱን ውጤት ሳይሰማ ሊከናወን ይችላል።

ከዚህ ሁሉ የምንረዳው ትልቅ ነገር አለ። ላቦራቶሪው የድግግሞሹን ቁጥር ሊነግረን ይችላል፤ ቁጥሩ ለማን፣ መቼ፣ በማን ፊት ይነገር የሚለውን ግን አይወስንልንም። ነገ ሐኪሞች፣ የባዮሎጂ መምህራንና ተመራማሪዎች የምትሆኑ አንባቢዎቻችን የአንድን ሰው ዘረ-መል ስታነቡ ያላማከራችኋቸውን የእናቱን፣ የእኅቱንና የልጁንም እያነበባችሁ መሆኑን አትርሱ። ስለዚህ ናሙናውን ከመቀበላችሁ በፊት ሊቀርብ የሚገባው ጥያቄ «ይህን ውጤት ከአንተ ሌላ ማን ይሸከመዋል?» የሚለው ነው።