የእንቆቅልሽ መጽሔትና የአዘጋጁ መብት

በኮበር አል ዑለያና በአካባቢዋ የምንገኝ ተማሪዎች ከጥናት በኋላ የእንቆቅልሽ መጽሔት እንወዳለን። አንዱ ከመጻሕፍት መደብር ይገዛል፤ ሌላው ፎቶ ኮፒ አንሥቶ ለአሥር ያድላል። ለዚህች ጽሑፋችንም «ከዚያው ገልብጣችሁ አውጡልን» የሚል ጥያቄ በተደጋጋሚ ቀርቦልናል። የማናወጣበትን ምክንያት ማስረዳት ተገቢ መስሎ ታይቶናል።

በመሠረቱ ሕግ የሚጠብቀው ሐሳብን ሳይሆን ሥራን ነው። ሱዶኩን እንውሰድ። ሃዋርድ ጋርንስ የተባለ አሜሪካዊ የሠራው ይህ ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ1979 በአንድ የዴል መጽሔት ወጣ፤ በ1984 ኒኮሊ የተባለው የጃፓን አሳታሚ አቀረበው፤ በ2004 የለንደኑ ታይምስ ጋዜጣ ማውጣት ከጀመረ ወዲህ ዓለምን አዳረሰ። ከ1 እስከ 9 ያሉትን ቁጥሮች በ81 ቤቶች የመደርደሩን ዘዴ ማንም የግሌ ሊል አይችልም። የቃላት እንቆቅልሽ አዘጋጅ የጻፋቸው ፍንጮችና ቃላቱን ያገናኘበት ሰንጠረዥ ግን የራሱ የላብ ውጤት ናቸው።

ላቡን ለመገመት በአማርኛ መሞከር ይበቃል። በእንግሊዝኛ ሁለት ቃላት በአንድ ተነባቢ ከተገናኙ ነገሩ አለቀ። በእኛ ፊደል ግን «ለ» ከ«ሉ» ጋር አይገጥምም፤ አግድሙ «በላ» ከሆነ ቁልቁሉም «ላ»ን እንጂ «ል»ን ሊይዝ አይችልም። በዚህ ላይ «ሰ»ና «ሠ»፣ «ሀ»ና «ሐ» አሉ! አሥር ቃል ያገናኘ ሰው የሌላውን ድካም ያውቃል።

ሕጉስ? የአገራችን አዋጅ ቁጥር 410/1996 (በአዋጅ ቁጥር 872/2007 የተሻሻለው) የደራሲውን የኢኮኖሚ መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠብቃል። ሳዑዲ ዓረቢያ እ.ኤ.አ. በ2003 ያወጣችው ሕግም እንዲሁ ሲሆን፣ ለጣሰ ሰው እስከ 250,000 ሪያል መቀጫና እስከ 6 ወር እስራት ደንግጓል። አገሪቱ በ2004 የበርን ስምምነት አባል ስለሆነች የውጭ መጽሔት ነው ማለት አያድንም። በመኖሪያ ፈቃድ ለምንኖር ተማሪዎች ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ለግል ጥቅም መቅዳትን ሁለቱም ሕጎች በገደብ ይፈቅዳሉ፤ አንድ ገጽ ለራስ ቀድቶ በእርሳስ መፍታትና አርባ ቅጂ ማደል ግን ለየቅል ናቸው። በነፃ ማደሉም ነገሩን አይለውጠውም።

ታዲያ ምን ይደረግ? አዋጥቶ አንድ መጽሔት መግዛትና ከእጅ ወደ እጅ ማስተላለፍ ይቻላል፤ የሚዞረው የተገዛው ቅጂ ራሱ ነውና። የቤተ መጻሕፍት ከሆነ መልሱን በሌላ ወረቀት ላይ መጻፍ ነው (በብዕር የሚሞሉትን ወንድሞች ልብ ይሏል)። አንድን ገጽ ማሳተም የፈለገ ለአሳታሚው ይጻፍ፤ የትኛው እትም፣ የትኛው ገጽ፣ ስንት ቅጂ፣ ለሽያጭ ይሁን በነፃ ይግለጽ። መልስ አለመምጣቱ ግን እንደ ፈቃድ አይቆጠርም።

ለዚህች ጽሑፍ አባላት ራሳቸው የሠሩትን የአማርኛ እንቆቅልሽ እንቀበላለን። ፍንጩና መልሱ በየወረቀቱ ይሁን፤ «ሰ»ንና «ሠ»ን ለይታችሁ እንደሆነም ከላይ ጻፉልን። የአዘጋጁ ስም ከሰንጠረዡ ሥር ይታተማል።