አልቫሬስ፦ የአልቫሮ ልጅ

በ1520 እ.ኤ.አ. ከሮድሪጎ ደ ሊማ መልእክተኞች ጋር ወደ ዐፄ ልብነ ድንግል አገር መጥቶ ስድስት ዓመት የቆየውን ፖርቱጋላዊ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬስን የታሪክ አንባቢ ያውቀዋል። ያየውን የተረከበት መጽሐፍ በ1540 ሊዝበን ታትሟል። የስሙ ሁለተኛ ክፍል ለኛ እንግዳ አይደለም፤ “የአልቫሮ ልጅ” ማለት ነው።

አልቫሮ ራሱ የጀርመን ነገዶች ስም ነው። እስከ 711 ድረስ አይቤሪያን የገዙት ቪዚጎቶች ቋንቋቸው ቢጠፋም ስሞቻቸው በሕዝቡ አፍ ቀሩ፤ ሮድሪጎም ፈርናንዶም የዚያ ዘመን ቅርስ ናቸው። በእነዚህ ስሞች መጨረሻ “-ኤስ” ሲገባ ልጅነትን ያመለክታል፦ ከሮድሪጎ ሮድሪጌስ፣ ከፈርናንዶ ፈርናንዴስ፣ ከኑኖ ኑኔስ። በ1625 ወደ ዐፄ ሱስንዮስ የመጣው ፓትርያርክ አልፎንሶ ሜንዴስም ስሙ “የሜንዶ ልጅ” ይላል። የቅጥያው ምንጭ ሊቃውንትን እስካሁን ያከራክራል፤ በጥንት ሰነዶች “-ኢዝ” እየተባለ ይገኛል። ስፔኖች “ዝ”ን በጽሕፈት ሲያቆዩ ፖርቱጋሎች በ“ስ” ጻፉት፤ ዛሬ ሊዝበን ውስጥ ድምፁ ወደ “ሽ” ይጠጋል። የኛ መጻሕፍት “አልቫሬዝ” የሚሉት በስፔኑ መንገድ ነው።

በመካከለኛው ዘመን ይህ አጠራር እንደኛው ሕያው ነበር፤ ወንዱም ሴቷም በአባታቸው ስም ይጠሩ ነበር፣ ስሙም በየትውልዱ ይለወጣል። የመጀመሪያው የፖርቱጋል ንጉሥ አፎንሶ ኤንሪኬስ የመስፍኑ የኤንሪኬ ልጅ ነው። በ1385 በአልጁባሮታ ካስቲሎችን ድል የመታው ኑኖ አልቫሬስ ፔሬራ ደግሞ የአልቫሮ ጎንሳልቬስ ፔሬራ ልጅ ነው፤ ይኸኛው አልቫሮ በበኩሉ የብራጋው ሊቀ ጳጳስ የጎንሳሎ ልጅ ነበር። ፔሬራ የሚለው የዘር መጠሪያ ሳይነቃነቅ ሲቀጥል መካከለኛው ስም አባትን ከልጅ ጋር ያስተሳስራል። ከአባት ወደ አያት መቁጠር የለመደ ኢትዮጵያዊ ይህን ሐረግ ያለ አስረጂ ያነበዋል።

ከዚያ ግን ስሙ ደረቀ። በ1500 ብራዚል የደረሰው ፔድሮ አልቫሬስ ካብራል አባቱ አልቫሮ አልነበረም፤ ፈርናዎ ነበር። አልቫሬስ ከቀደሙት አያቶች ወርዶ የቤተሰብ ንብረት ሆኖ ነበር። ለውጡ በአዋጅ የመጣ አልነበረም፤ ርስትና ክብር ከስም ጋር መውረስ ሲጀምር ቀስ በቀስ የሆነ ነው። ይህን ሳነብ በአሜሪካና በአውሮፓ የሚኖሩ ወገኖቻችን ይታሰቡኛል፤ የአያት ስም እዚያ መዝገብ ላይ “የቤተሰብ ስም” ተብሎ ሲሰፍር ለልጅ ልጅ ሳይለወጥ ይተላለፋል። አባቱን በስሙ የማይነግር ትውልድ እንዲህ ይጀምራል፣ ልናስብበትም ይገባል።

የደረቀው ስም ግን ሩቅ ተጓዘ። በ1497 በግድ የተጠመቁት የፖርቱጋል አይሁድ ብዙዎቹ የክርስትና አባቶቻቸውን ስም ወሰዱ፤ ወደ አምስተርዳም የተሰደዱት ልጆቻቸው ሎፔስ፣ ኤንሪኬስ፣ ሜንዴስ እየተባሉ በምኵራብ ጸለዩ። በጎዋ የተጠመቁ ሕንዶችም ፈርናንዴስና ሮድሪጌስ ተባሉ። ከእነዚህ ሁሉ ቅድመ አያቱ በእርግጥ ፈርናንዶ የነበረ ስንት ይሆን?

አሁን ፖርቱጋላዊ ሕፃን የእናቱንም የአባቱንም ቤተሰብ ስም ሊይዝ ይችላል፤ ሕጉ እስከ አራት የቤተሰብ ስም ይፈቅዳል። የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ የሆኑት አንቶኒዮ ጉተሬስ ስማቸው “የጉተሬ ልጅ” ይላል፤ ያ ጉተሬ ግን በሩቅ ዘመን የኖረ ሰው ነው። ሊዝበን ውስጥ ዛሬ አልቫሮ የሚባል አባት ልጁን ሲያስመዘግብ አልቫሬስ ብሎ ሊጠራው የሚችለው ስሙ አስቀድሞ በቤተሰቡ ካለ ብቻ ነው።